ማዕድኑ ሲዘጋ የቀረው ሙያ፡- የኮማትሱ መሥራች ሜይታሮ ታኬውቺ

ከደሴ ተነስቶ ሐይቅ ከተማን በማለፍ ወደ ቢስቲማ፣ ከዚያም ቁልቁል ወደ አፋር ቆላማ ምድር የሚዘልቀው መንገድ የሚያቋርጠው መልክዓ ምድር ወጣ ገባ ነው። እንዲህ ባለው ሥፍራ ተራራ ተቆርጦ፣ ሸለቆ ተሞልቶ መንገድ ሲወጣ የተመለከተ የወረባቦ ነዋሪ ዶዘርን፣ ግሬደርንና ኤክስካቫተርን ገና በድምፃቸው ይለያቸዋል። በአገራችን በመንገድ፣ በግድብና በማዕድን ሥራ ላይ ከሚሰማሩት ከባድ ማሽኖች መካከል ኮማትሱ የሚል ስም በጎናቸው የተጻፈባቸውም ይገኙበታል።

ኮማትሱ የአንድ ባለሀብት ስም የሚመስላቸው ጥቂቶች አይደሉም። ይሁንና ስሙ በጃፓን ኢሺካዋ ግዛት የምትገኝ የአንዲት ከተማ መጠሪያ ነው። ኩባንያውን የመሠረቱት ሜይታሮ ታኬውቺ የራሳቸውን ስም ትተው ድርጅቱን በተተከለበት ሥፍራ ስም ጠሩት። በአገራቸው የኢንዱስትሪ ታሪክ ውስጥ ከፍ ያለ ቦታ የሚሰጣቸው እኚህ ሰው ያተረፉት ትልቁ ሀብት ከመሬት የወጣው መዳብ ሳይሆን መዳቡን ለማውጣት ሲባል የሠለጠነው እጅ መሆኑን የሕይወት ታሪካቸው ያስረዳል።

ታኬውቺ የተወለዱት እ.ኤ.አ በ1860 በደቡባዊ ጃፓን፣ በሺኮኩ ደሴት፣ ቶሳ ይባል በነበረው ግዛት ሱኩሞ በተባለች ከተማ ነው። ከዚህ በኋላ የሚጠቀሱት ዓመታትም በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። የስምንት ዓመት ልጅ ሳሉ በ1868 የሾገኖች አገዛዝ አብቅቶ የሜጂ ዘመን ተጀመረ። አዲሱ መንግሥት አገሪቱን በዘመናዊ ትምህርትና በፋብሪካ ለመገንባት ተነሳ።

ያ ዓመት ለወሎም ሆነ ለመላው ኢትዮጵያ የማይዘነጋ ዓመት ነው። አፄ ቴዎድሮስ በመቅደላ አምባ የተሰዉት በዚሁ በ1868 በሚያዝያ ወር ነበር። ንጉሠ ነገሥቱ በደብረ ታቦር አቅራቢያ በጋፋት ባቋቋሙት የብረት ማቅለጫ በአውሮፓውያን ባለእጆች አማካይነት ያሠሩት፣ ወደ 7 ቶን የሚመዝነው ሴባስቶፖል መድፍ መንገድ እየተጠረገለት ወራት ፈጅቶ መቅደላ ደርሷል። ያ ጉዞ በዘመኑ ታላቅ የከባድ ዕቃ ማጓጓዝና የመንገድ ሥራ እንደነበረ ጥርጥር የለውም። ይሁን እንጂ ንጉሡ ሲያልፉ ባለእጆቹም ከእንግሊዝ ጦር ጋር ከአገር ወጡ። ሙያው በአገሬው ወጣቶች ዘንድ ሥር ሳይሰድ የጋፋት እሳት ጠፋ። ጃፓንም በዚያው ዘመን የውጭ ባለሙያዎችን ትቀጥር ነበር፤ የውጭው ባለሙያ ሲሄድ ሥራው እንዳይቆም ምን መደረግ አለበት የሚለው ጥያቄ ለታኬውቺ ትውልድ ዋነኛው ጥያቄ ሆነ።

አባታቸው ሱና ታኬውቺ የሳሙራይ ወገን ሲሆኑ፣ በኋላ በነጋዴነትና በሊበራል ፓርቲ ፖለቲከኛነት የታወቁ ሰው ናቸው። በ1878 በመንግሥት ላይ በተጠነሰሰ ሴራ ተጠርጥረው ታስረዋል። በዚያው ዓመት የተወለደውና ለዮሺዳ ቤተሰብ በማደጎነት የተሰጠው ልጃቸው ሺጌሩ ዮሺዳ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የጃፓን ጠቅላይ ሚኒስትር ለመሆን በቅቷል። የበኩር ልጅ የነበሩት ሜይታሮ ወደ ቶኪዮ ሄደው እንግሊዝኛና ፈረንሳይኛ ቋንቋዎችን ተምረዋል። አባታቸው በፖለቲካ ሲጠመዱ የቤተሰቡን የማዕድን ሥራ የመምራት ኃላፊነት በእርሳቸው ጫንቃ ላይ ወደቀ።

የሥራ ሕይወታቸው መነሻ በኪዩሹ ደሴት፣ በካራትሱ አካባቢ የሚገኘው የዮሺታኒ የድንጋይ ከሰል ማዕድን ነበር። በዚያን ጊዜ ለማዕድን ሥራ የሚውሉት የውኃ መሳቢያ ፓምፖች፣ ማንሻዎችና የእንፋሎት ሞተሮች በአብዛኛው ከአውሮፓና ከአሜሪካ በመርከብ የሚመጡ ነበሩ። አንድ ጥርስ ሲሰበር ወይም አንድ ዘንግ ሲጣመም ውኃ ጉድጓዱን ይሞላል፤ ሠራተኛውም ሥራ ፈትቶ ይቀመጣል። ታኬውቺ ማሽን መግዛት የሥራው ግማሽ ብቻ መሆኑን ከዚህ ተገነዘቡ። ሌላው ግማሽ ማሽኑን የሚጠግን፣ ቆይቶም የሚሠራ ሰው ማግኘት ነበር።

ታኬውቺ በሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ወደ አውሮፓና አሜሪካ ተጉዘው የአገሮቹን ኢንዱስትሪ ተመልክተዋል። ከጉዟቸው መልስ ትኩረታቸው በሁለት ነገሮች ላይ አረፈ። አንደኛው ማሽን የሚሠራ ማሽን፣ ማለትም ቶርኖና መሰል የብረት መቁረጫ መሣሪያዎችን በአገር ውስጥ ማምረት ነው። ሁለተኛው መሐንዲሶችን ማስተማር ነው።

ለሁለተኛው ዓላማ በኪዩሹ የራሳቸውን የምህንድስና ትምህርት ቤት ለማቋቋም አቅደው ነበር። ለመምህርነት የታሰቡ ወጣት ምሁራንንም በራሳቸው ወጪ ወደ ውጭ አገር ልከው አስተምረዋል። በዚሁ ጊዜ በቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር በኦኩማ ሺጌኖቡ የተመሠረተው የዋሴዳ ዩኒቨርሲቲ የሳይንስና የምህንድስና ትምህርት ክፍል ለመክፈት ቢፈልግም መምህራንና ገንዘብ አጥሮት ነበር። ታኬውቺ የራሳቸውን ዕቅድ ትተው ያዘጋጇቸውን መምህራን ከነወጪያቸው ለዋሴዳ አስረከቡ። ክፍሉ በ1908 እና በ1909 ሥራውን ጀመረ። በስማቸው ሊጠራ ይችል የነበረውን ትምህርት ቤት ለሌላ ተቋም አሳልፈው መስጠታቸው የሰውየውን ጠባይ ከምንም በላይ ያሳያል። በ1912 ደግሞ ከአባታቸው ጋር በመሆን በትውልድ ግዛታቸው በኮቺ የቴክኒክ ትምህርት ቤት ከፈቱ።

የመጀመሪያው ዓላማቸው ፍሬ ያፈራው በ1909 የካራትሱ የብረታ ብረት ፋብሪካ ሲቋቋም ነው። ፋብሪካው ለማዕድኑ መለዋወጫ ከመሥራት አልፎ በጥራታቸው የተመሰገኑ የብረት መቁረጫ መሣሪያዎችን ለማምረት በቃ።

ከዚህ ጎን ለጎን ታኬውቺ በ1902 በኮማትሱ ከተማ አቅራቢያ የሚገኘውን የዩሴንጂ የመዳብ ማዕድን በእጃቸው አስገብተው ነበር። ማዕድኑ በኤሌክትሪክ ኃይል እንዲሠራ ተደረገ፤ በ1907ም ከማዕድኑ እስከ ኮማትሱ ከተማ ቀላል የባቡር ሐዲድ ተዘረጋ። በተራራው ሥር በሺዎች የሚቆጠሩ ሠራተኞችና ቤተሰቦቻቸው የሚኖሩባት መንደር ተቆረቆረች።

የታኬውቺ ስም የመጀመሪያ ፊደል በእኛም አገር ጎዳናዎች ላይ ለረጅም ጊዜ ሲዘዋወር ኖሯል ቢባል ማጋነን አይሆንም። በ1911 ማሱጂሮ ሀሺሞቶ የተባሉ መሐንዲስ በቶኪዮ የመኪና ፋብሪካ ሲያቋቁሙ ገንዘብ ካዋጡት ሦስት ሰዎች አንዱ ታኬውቺ ነበሩ። በ1914 የተሠራው መኪና ዴን፣ አዮያማና ታኬውቺ ከሚሉት የሦስቱ ሰዎች ስሞች የመጀመሪያ ፊደላት ተውጣጥቶ ዳት ተባለ። በ1930ዎቹ መጀመሪያ ከዚህ የዘር ሐረግ የመጣችው አነስተኛ መኪና ዳትሰን የሚለውን ስም ወሰደች፤ የኒሳን ኩባንያም ከዚሁ ተወለደ። ሆኖም ዳት በዘመኑ ገበያ አላገኘም። በውጭ መኪኖች ተጨናንቆ በነበረው ገበያ ውስጥ ባለገንዘቦቹ ለዓመታት ያገኙት ትርፍ ሳይሆን ኪሣራ ነበር።

በ1917 ታኬውቺ ለዩሴንጂ ማዕድን የሚያስፈልጉትን ማሽኖችና መሣሪያዎች የሚያመርት የኮማትሱ የብረታ ብረት ፋብሪካ በከተማዋ አቋቋሙ። በአገራችን ከጂቡቲ የተነሳው የባቡር ሐዲድ አዲስ አበባ የገባው በዚሁ ዓመት መሆኑ ይታወሳል። ሁለቱም አገሮች በዚያን ዓመት ወደ ዘመናዊ ቴክኖሎጂ አንድ እርምጃ ተራምደዋል። ልዩነቱ የእኛው ባቡር ከነሞተሩና ከነመለዋወጫው ከባሕር ማዶ የመጣ ሲሆን፣ የኮማትሱ ፋብሪካ ግን የተቋቋመው ከባሕር ማዶ የሚመጣውን ለመተካት መሆኑ ላይ ነው።

ደስታው ብዙ አልቆየም። የአንደኛው የዓለም ጦርነት ሲያበቃ የመዳብ ዋጋ አሽቆለቆለ፤ በ1920 የዩሴንጂ ማዕድን ተዘጋ። የታኬውቺ የማዕድን ንግድ ብርቱ ጉዳት ደረሰበት። በሺዎች ይኖሩባት የነበረችው የተራራ መንደርም ተበተነች። ማዕድኑ ከተዘጋ ለማዕድኑ መሣሪያ እንዲሠራ የተቋቋመው ፋብሪካም አብሮ መዘጋት የነበረበት ይመስላል። ለሠራተኞቹና ለከተማዋ የቁርጥ ቀን ነበር።

የተወሰደው ውሳኔ ግን ሌላ ሆነ። ፋብሪካው ከማዕድን ኩባንያው ተለይቶ ግንቦት 13 ቀን 1921 ራሱን የቻለ የኮማትሱ ኩባንያ ሆኖ ተቋቋመ። ደንበኛው የነበረው ማዕድን ባይኖርም ቶርኖዎቹና ቶርኖዎቹን የሚያንቀሳቅሱት ባለሙያዎች ነበሩና ለሌላ ደንበኛ መሥራት ይቻል ነበር። ዛሬ በዓለም የሚታወቀው ኩባንያ የልደት ቀን አድርጎ የሚቆጥረው ይህንኑ የችግር ጊዜ ነው።

ታኬውቺ የሕግ መወሰኛና መምሪያ ሥራ ከሚካሄድበት ፓርላማም አልራቁም፤ በሕዝብ እንደራሴነት ተመርጠው አገልግለዋል። መጋቢት 23 ቀን 1928 በ68 ዓመታቸው አረፉ። በሞቱበት ጊዜ ኮማትሱ ገና አነስተኛ የክፍለ ሀገር ፋብሪካ ነበር። መሥራቹ አንድም ትራክተር፣ አንድም ዶዘር ከግቢው ሲወጣ ሳያዩ አልፈዋል።

ከሦስት ዓመት በኋላ በ1931 ኩባንያው በጃፓን የመጀመሪያ የሆነውን ባለሰንሰለት የእርሻ ትራክተር ሠራ። በ1943 በጦርነቱ ወቅት ከአሜሪካኖች የተማረከ ዶዘር በማየት የአገሪቱን የመጀመሪያ ዶዘር ለማምረት በቃ። ጦርነቱ ካበቃ በኋላም በ1947 ለመልሶ ግንባታ የሚውል ዲ 50 የተባለ ዶዘር አቀረበ። በ1955 ደግሞ ግሬደሮችን ወደ አርጀንቲና በመላክ የውጭ ገበያ በር ከፈተ።

ሁለተኛው ከባድ ፈተና የመጣው በ1960ዎቹ መጀመሪያ ነው። የዓለም ቀዳሚ አምራች የሆነው የአሜሪካው ካተርፒላር ከሚትሱቢሺ ጋር ተጣምሮ ወደ ጃፓን ገበያ ሊገባ መሆኑ ተሰማ። የኮማትሱ ማሽኖች በጥንካሬ ከካተርፒላር ጋር የሚወዳደሩ አልነበሩምና ኩባንያው ይከስማል የሚሉ በዙ። የኩባንያው አመራር መንግሥት ገበያውን እንዲዘጋለት በመጠየቅ ብቻ አልተወሰነም። በ1961 ከሥራ አስኪያጅ እስከ ሠራተኛ ሁሉም የሚሳተፍበት የጥራት ዘመቻ ጀመረ፤ የማሽኑ እያንዳንዱ ክፍል ለምን እንደሚሰበር እየተመረመረ ተሻሻለ። በ1964 ኩባንያው በጥራት አመራር የሚሰጠውን የዴሚንግ ሽልማት አገኘ። ከዚያም አድጎ ከካተርፒላር ቀጥሎ በዓለም በሁለተኛነት ሲጠቀስ ኖሯል።

የታኬውቺ ታሪክ ለእኛ ምን ይነግረናል? በግቢ ጥግ ቆሞ መለዋወጫ የሚጠብቅ ማሽን ያላየ የመንግሥት ሠራተኛ ማግኘት አስቸጋሪ ነው። ጨረታ ወጥቶ፣ ዕቃው ተገዝቶ፣ ርክክብ ተፈጽሞ፣ ፎቶግራፍ ከተነሳ በኋላ የሚቀጥለው ዓመት በጀት ውስጥ የጥገና ባለሙያ ሥልጠና የሚል መስመር ሲፈለግ አይገኝም። በሰነድ ላይ ንብረት፣ በሜዳ ላይ ግን የዛገ ብረት የሆነ ማሽን ለመንገዱ ተጠቃሚ የሚያመጣው ለውጥ የለም። ገበሬው በሽተኛውን በቃሬዛ መሸከሙን ይቀጥላል።

መልካም መሠረት የለንም ማለት ግን አይደለም። የዓለምገና የሥልጠና ማዕከል ለመንገድ ሥራ ባለሙያዎችን ሲያፈራ ቆይቷል። በኮምቦልቻ የወሎ ዩኒቨርሲቲ የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩትና ፖሊ ቴክኒክ ኮሌጅ ይገኛሉ። የብረታ ብረትና የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካዎች እንዲሁም በ2017 የተመረቀው የኢንዱስትሪ ፓርክ ከእነዚሁ ተቋማት ጋር በአንዲት ከተማ ውስጥ ናቸው። ታኬውቺ ትምህርት ቤቱንና ፋብሪካውን ለማቀራረብ በኪዩሹና በቶኪዮ መካከል መመላለስ ነበረባቸው። በኮምቦልቻ ግን ሁለቱን የሚለያያቸው የአንድ ከተማ መንገድ ብቻ ነው። ያንን መንገድ ማሳጠር በዋነኛነት ዕቅድ የሚያወጣው፣ በጀት የሚያጸድቀውና ውል የሚፈርመው ኃላፊ ሥራ ነው።

በዩሴንጂ ተራራ ዛሬ ከማዕድኑ የቀረው በዛፎች መካከል የቆመ አሮጌ የጭስ ማውጫ ነው። በኮማትሱ ከተማ የቀድሞው ፋብሪካ በነበረበት ቦታ ደግሞ ኩባንያው 90ኛ ዓመቱን ባከበረበት በ2011 የሠራተኞች ማሠልጠኛና ሕፃናት ስለ ማሽን የሚማሩበት ሥፍራ ተከፍቷል። መሥራቹ በሕይወት ቢኖሩ ከኩባንያው ትርፍ ይልቅ በዚህኛው ይበልጥ ይደሰቱ እንደነበር ሕይወታቸው ይመሰክራል።