ኬፕለር፤ ካልኩሌተር ሳይፈጠር ፕሮግራም የጻፈው ሰው

ስለ ኮምፒዩተር ታሪክ የሚጻፉ ጽሑፎችን ስናነብ ብዙ ጊዜ የምናገኛቸው ስሞች አንድ ዓይነት ናቸው። ቢል ጌትስ አለ፣ ስቲቭ ጆብስ አለ፣ ሲበዛ ደግሞ አለን ቱሪንግ ይጠቀሳል። እኔ ግን በዚህ እትም የምጽፈው ኤሌክትሪክ እንኳ ባልነበረበት ዘመን ኖሮ በ1630 ስለሞተ ሰው ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1974 ሂውሌት ፓካርድ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ኤችፒ-65 የተባለ በእጅ የሚያዝ ካልኩሌተር ለገበያ አቀረበ። ይህ ካልኩሌተር በትንሽ ማግኔታዊ ካርድ ፕሮግራም የሚጫንበት ሲሆን የሚይዘው 100 ትእዛዝ ብቻ ነበር። በሚቀጥለው ዓመት የአሜሪካው አፖሎና የሶቪየቱ ሶዩዝ ጠፈር ላይ ሲገናኙ አሜሪካኖቹ የመንኮራኩሯን አቅጣጫ ማስተካከያ ስሌት የሚያመሳክሩበት አንድ ኤችፒ-65 ይዘው ሄደዋል። በ1977 ደግሞ ቲአይ-59 ካልኩሌተር ወጣ፤ በዚያው ዓመት አፕል 2፣ ቲአርኤስ-80 እና ኮሞዶር ፔት የተባሉት የቤት ኮምፒዩተሮች ተከተሉ። እነዚህን ከገዙት ሰዎች መካከል መርከበኞችና ሬዲዮ መነካካት የሚወዱ አማተሮች ይገኙበታል። የሁሉም ጥያቄ አንድ ነው፤ በዚህ ሰዓት፣ በዚህ ደቂቃ ያ የሰማይ አካል ወይም ያቺ ሳተላይት የት ናት? ለዚህ ጥያቄ መልስ እንዲሰጡ በተጻፉት ፕሮግራሞች ሆድ ውስጥ ደግሞ ዮሐንስ ኬፕለር የሠራው ስሌት ይገኛል።

ኬፕለር የተወለደው ዲሴምበር 27 ቀን 1571 በዛሬዋ ጀርመን፣ ቫይል ዴር ሽታት በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። ቀኑ ሳይሞላ የተወለደ በሽተኛ ልጅ ነበር። አባቱ ቅጥረኛ ወታደር ነው፤ ይሄዳል፣ ይመጣል፣ በመጨረሻ ግን እንደወጣ ቀረ። እናቱ ካታሪና ቅጠላ ቅጠል እየቀመመች ሰው የምታክም ሴት ነበረች። በ1577 ጅራታም ኮከብ በታየ ጊዜ ልጇን ይዛ ከፍ ያለ ቦታ ላይ ወጥታ አሳይታዋለች። ምን ዋጋ አለው፣ በሕፃንነቱ የያዘው ፈንጣጣ ዓይኑን አድክሞት ስለነበር ሰማዩን እንደልቡ ማየት አይችልም። በኋላም ሥራው ሌሎች ያዩትን ወስዶ ማስላት የሆነው አንዱ በዚህ ምክንያት ይመስለኛል።

ቄስ ሊሆን ቱቢንገን ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሚካኤል ሜስትሊን ከተባለ መምህሩ ምድር በፀሐይ ዙሪያ ትዞራለች የሚለውን የኮፐርኒከስ ትምህርት ተማረ። ትምህርቱን ሳይጨርስ በ1594 ግራዝ ወደምትባለው የኦስትሪያ ከተማ ሒሳብ እንዲያስተምር ተላከ። ከሥራው አንዱ የየዓመቱን የአየርና የፖለቲካ ትንበያ የያዘ የቀን መቁጠሪያ ማዘጋጀት ነበር። የመጀመሪያው ላይ ብርቱ ብርድና የቱርክ ወረራ ይመጣል ብሎ ሁለቱም ስለደረሰ ስሙ ገነነ። ሆኖም እሱ ፕሮቴስታንት፣ ገዢው ካቶሊክ ነበሩና በ1600 ሃይማኖትህን ቀይር ሲባል እምቢ ብሎ ከከተማው ተባረረ።

የሄደው ፕራግ ነው። እዚያ ታይኮ ብራሄ የተባለ የዴንማርክ መኳንንት ነበር። ቴሌስኮፕ ገና ባልተፈጠረበት ጊዜ ታይኮ በትልልቅ የማዕዘን መለኪያዎች የፕላኔቶችን ቦታ ከሃያ ዓመት በላይ መዝግቦ ይዟል፤ በጥራቱ የሚደርስበት አልነበረም። ታዲያ ይህን መዝገብ እንደ ወርቅ ነበር የሚጠብቀው። ለኬፕለር የሚሰጠው በጥቂት በጥቂቱ፣ እየቆነጠረ ነው። በኦክቶበር 1601 ታይኮ በድንገት ሲሞት ወራሾቹ ንብረት ላይ ሲነታረኩ ኬፕለር መዝገቡን ወሰደ። መውሰዱንም በኋላ አልደበቀም። ሕጋዊ ነበር ወይ? የሥነ ምግባር ኮርስ ላይ ብናነሳው ክፍለ ጊዜው ሳይበቃን የሚያልቅ ክርክር ይወጣዋል። በዚህም የተነሳ ከወራሾቹ ጋር በተፈጠረው ጭቅጭቅ መጽሐፉ ለዓመታት ዘግይቷል።

ከታይኮ የተሰጠው የቤት ሥራ የማርስን መንገድ ማግኘት ነበር። በዚያ ጊዜ የሰማይ አካላት በክብ መንገድ ነው የሚሄዱት ተብሎ ስለሚታመን ኬፕለርም የጀመረው ከክብ ነው። ክቡን ከመዝገቡ ጋር ለማስማማት ስሌቱን ቢያንስ 70 ጊዜ ደጋገመው። ሁሉም በእጅ፣ በላባ ብዕር፣ ገጽ በገጽ ነው። በመጨረሻ የተገኘው ክብ ከመዝገቡ ጋር ገጠመ ሊባል በሚችል ደረጃ ደረሰ። ሌሎች ምልከታዎች ላይ ሲሞክረው ግን 8 የዲግሪ ደቂቃ ልዩነት መጣ። አንድ ዲግሪ 60 ደቂቃ ነው፤ 8 ደቂቃ ማለት ሙሉ ጨረቃ ስትታይ ካላት ስፋት ሩብ ያህሉ ነው። እንደው ለመናገር ያህል ማን ያየዋል? ከሱ በፊት የነበሩት ሊቃውንት በዚህ መጠን መሳሳት ችግር የለውም ብለው ያልፉት ነበር። ኬፕለር ግን ታይኮ 8 ደቂቃ ያህል እንደማይሳሳት ያውቃል። ስለዚህ ምንጩን ትቶ የራሱን ሥራ ጣለ፤ የዓመታት ድካሙን ማለት ነው። በ1605 መንገዱ ክብ ሳይሆን ሞላላ እንደሆነና ፀሐይም መሀሉ ላይ ሳይሆን ወደ አንድ ጎን ገባ ብላ እንደምትገኝ ደረሰበት። መጽሐፉ በ1609 ታተመ።

እዚህ ላይ ነው ወደ ካልኩሌተሮቹ የሚወስደው ነገር የሚመጣው። በሞላላ መንገድ የሚሄድ አካል ፍጥነቱ እኩል አይደለም፤ ፀሐይ አጠገብ ይፈጥናል፣ ሲርቅ ይዘገያል። ቦታውን ካወቅን ስንት ሰዓት ላይ እዚያ እንደደረሰ ማስላት ቀላል ነው። ሰዓቱን ሰጥተው ቦታውን ሲጠይቁን ግን ጉድ ይፈላል። የምንፈልገው ማዕዘን እኩልታው ውስጥ አንዴ ለብቻው፣ አንዴ ደግሞ ሳይኑ ሆኖ ስለሚገባ ነጥሎ ማውጣት አይቻልም። ኬፕለር ይህንን አይቶ ቀጥተኛ መፍትሔ እንደሌለው ተቀበለ፤ በኋላ በጻፈው የመማሪያ መጽሐፍ ደግሞ መላ አበጀለት። መላው ገምት፣ አስላ፣ ያገኘኸውን መልሰህ አስገባ የሚል ነው።

ለምሳሌ ማርስን እንውሰድ። የመንገዷ የመሞላላት መጠን 0.0934 ነው፤ ወደ ዲግሪ ሲቀየር 5.35 ይሆናል። ፍጥነቷ እኩል ቢሆን ኖሮ 60 ዲግሪ ላይ ትገኝ ነበር እንበል። ግምታችን 60 ይሁን። የ60ን ሳይን በ5.35 አባዝተን 60 ላይ ስንደምር 64.63 ይመጣል። አሁን የ64.63ን ሳይን ወስደን እንደገና ስንሠራ 64.84 እናገኛለን። ሦስተኛው ዙር ላይም 64.84 ነው። ቆመ ማለት ነው። ከዚህ በኋላ የሚቀረው ተራ ሒሳብ ነው። ፕሮግራመሮች ሉፕ የሚሉት ይኸው ሲሆን 100 ትእዛዝ ብቻ በሚይዝ ካልኩሌተር ውስጥ እንኳን ቦታ አያጣም። ኬፕለር ግን ለእያንዳንዱ ፕላኔት፣ ለእያንዳንዱ ቀን ይህን የሚሠራው በእጁ ነበር።

በእጁ የሚሠራው ደግሞ በምን ሁኔታ ላይ ሆኖ ነው? በ1611 የስድስት ዓመት ልጁ በፈንጣጣ ሞተበት፤ በዚያው ዓመት ሚስቱ ባርባራ ተከተለች። ያሠራው የነበረው ንጉሠ ነገሥት ሩዶልፍ ሥልጣኑን ተነጥቆ ወዲያው ሞተ። ኬፕለር ወደ ሊንዝ ተሰደደና እንደገና አገባ። ሊንዝ ላይ ደግሞ የራሱ ሃይማኖት ቄስ በእምነት ልዩነት ሰበብ ቁርባን ከለከለው። ካቶሊኮቹ ያባረሩት ሰው በፕሮቴስታንቶቹም ተገፋ ማለት ነው።

የባሰው በ1615 መጣ። አንዲት የሰፈር ሴት የኬፕለር እናት መተት ያለበት መጠጥ አጠጥታ አሳመመችኝ ብላ ከሰሰቻት። በዚያ ዘመን ጠንቋይ ተብሎ መከሰስ መጨረሻው እሳት ነበር። በ1620 አሮጊቷ ካታሪና ታሰረች፤ በሰንሰለትም ተቀፍድዳ ነበር። ኬፕለር ሥራውን ጥሎ ሄዶ የመከላከያውን ክርክር አዘጋጀ። የእያንዳንዱን ምስክር ቃል እየነቀሰ፣ በሽታዎቹ የተፈጥሮ ምክንያት እንዳላቸው እያሳየ ተከራከረ። ካታሪና በ1621 የማሰቃያ መሣሪያዎቹ ፊት ቆማ አልሠራሁም ብላ ጸናችና ከ14 ወር እስር በኋላ ተለቀቀች። ከጥቂት ወራት በኋላ ሞተች። እኔን የገረመኝ የፕላኔቶቹን ጊዜና ርቀት የሚያያይዘውን ሦስተኛ ሕጉን ያገኘው ክሱ ገና በተንጠለጠለበት በ1618 መሆኑ ነው።

በዚህ መሀል አንድ ደስ የሚል ነገር አጋጥሞታል። የስኮትላንዱ ጆን ኔፒር በ1614 ሎጋሪዝምን አሳተመ፤ ማባዛትን ወደ መደመር የሚቀይር ዘዴ ነው። ኬፕለር የቁጥር ሸክም ያጎበጠው ሰው ነውና ወዲያው ተቀበለው፤ የራሱን የሎጋሪዝም ሰንጠረዥም በ1624 አሳተመ። በ1623 ደግሞ ቪልሄልም ሺካርድ የሚባል የቱቢንገን ፕሮፌሰር በጥርስ መዘውር የሚደምርና የሚቀንስ ማሽን መሥራቱን ጻፈለት። ለኬፕለርም አንድ እያሠራለት ነበር። ግን አልታደለም፤ ማሽኑ ሳያልቅ በ1624 እሳት በላው። ስለ ማሽኑ የሚያወሩት ደብዳቤዎች በደንብ የታወቁት በ20ኛው ክፍለ ዘመን ነው።

ስለዚህ ሥራውን ያለ ማሽን ጨረሰ። ከታይኮ ምልከታዎች የተሠራውን የሩዶልፍ ሰንጠረዥ ሊንዝ ላይ እያሳተመ ሳለ በ1626 ገበሬዎች አምፀው ከተማዋን ከበቡ፤ ማተሚያ ቤቱም ተቃጠለ። ኬፕለር ቤተሰቡንና ወረቀቱን ይዞ ወጣና መጽሐፉን በ1627 ኡልም ከተማ ውስጥ አሳተመ። ሰንጠረዡን የያዘ ሰው ፕላኔት በፈለገው ቀን የት እንደምትሆን ማውጣት ይችላል።

ቤተ መንግሥቱ ለዓመታት ያልከፈለው ደመወዝ ተጠራቅሞ ነበር። በ1630 መኸር ላይ ገንዘቡን ለመጠየቅ ወደ ሬገንስበርግ በፈረስ ሄደ፤ እዚያ ትኩሳት ይዞት ኖቬምበር 15 ቀን ሞተ። የተቀበረበት መካነ መቃብር በጦርነቱ ስለፈረሰ ዛሬ መቃብሩ የት እንደሆነ አይታወቅም።

ከመሞቱ በፊት ሜርኩሪ ኖቬምበር 7 ቀን 1631 በፀሐይ ፊት ለፊት እንደምታልፍ ተናግሮ ነበር። እሱ ከሞተ አንድ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀን ሲቀረው ፒየር ጋሴንዲ የተባለ ፈረንሳዊ ፓሪስ ላይ ጠብቆ ትንሿን ጥቁር ነጥብ አያት።

ወደ ቤት ኮምፒዩተሮቹ ስንመለስ፣ የሬዲዮ አማተሮች ከ1961 ጀምሮ ኦስካር የሚባሉ የራሳቸውን ሳተላይቶች ያስመጥቁ ነበር። በ1970ዎቹ የነበሯቸው ሳተላይቶች መንገዳቸው ክብ ማለት ይቻላል፤ የወረቀት ካርታ ላይ ብርሃን የሚያሳልፍ ፕላስቲክ እያሽከረከሩ መከታተል ይበቃ ነበር። በጁን 1983 የመጠቀችው ኦስካር 10 ግን አንዴ እስከ 4000 ኪሎ ሜትር ገደማ ትቀርባለች፣ አንዴ ከ35000 በላይ ትርቃለች። የወረቀቱ ዘዴ እምብዛም አልሆነላቸውም። የመሞላላቷ መጠን 0.6 ገደማ ስለሆነ የኬፕለር ዙርም እንደ ማርስ በሦስት ጊዜ አይቆምም፤ ብዙ መደጋገም ይጠይቃል ወይም ኒውተን የተወልንን ፈጣን ዘዴ መጨመር ያስፈልጋል። በመጽሔት የወጣውን የቤዚክ ፕሮግራም መስመር በመስመር እየገለበጡ የሚጽፉ ሰዎች ነበሩ። ኮምፒዩተሩ የሳተላይቷን መንገድ የሚገልጹ ቁጥሮች ከሰዓት ጋር ይጠይቃል፤ ከዚያ አንቴናውን ወደየት ማዞር እንዳለባቸው ይነግራቸዋል። ቁጥሮቹ የኬፕለር ቁጥሮች ይባላሉ፤ አማተሮቹ አሳጥረው ኬፕስ ይሏቸዋል። በዲሴምበር 2019 ኢትአርኤስኤስ-1 የተባለችው የኢትዮጵያ ሳተላይት ከቻይና ስትመጥቅ እንጦጦ ያለው ጣቢያም ከየትኛው አድማስ፣ በስንት ሰዓት ብቅ እንደምትል ማወቅ ነበረበት።