የአልፍሬድ ቢኔ ሕይወትና የዓይንና የጆሮ ነገር

አልፍሬድ ቢኔን ብዙዎቻችን የምናውቀው የአእምሮ መለኪያ ፈተና በማውጣቱ ነው። እኛ ግን የምናነሣው በሌላ ጉዳይ ነው። ተማሪን በዓይኑ የሚማር፣ በጆሮው የሚማር እያሉ ለይቶ ማስተማር ይጠቅማል ወይ የሚለው ክርክር በየማደሪያችን ሳይቀር ይነሣልና።

ቢኔ እ.ኤ.አ. በ1857 ኒስ ከተማ ተወለደ (የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ሕግ ተማረና ተወው፤ ፓሪስ ቤተ መጻሕፍት ገብቶ ሥነ ልቡናን ያለ አስተማሪ አነበበ። ቀጥሎ ሳልፔትሪየር ሆስፒታል ከታዋቂው ሐኪም ከሻርኮ ዘንድ ገባ። እዚያ ስለ ሂፕኖቲዝምና ስለ ማግኔት ያወጣው ውጤት በሌሎች ሲፈተን ፈረሰበት፤ እሱም ስሕተቱን በአደባባይ አመነ። ይህን ማድረግ ለምሁር ቀላል አይደለም።

በ1890ዎቹ ሁለት ድንቅ የሒሳብ ሰዎችን መረመረ። አንዱ ጣሊያናዊው ኢናውዲ ነው። በልጅነቱ በግ ጠባቂ ነበር፤ ማንበብና መጻፍ ሳይማር ትልልቅ ቁጥሮችን በቃሉ ያባዛል። ቁጥሩን የሚይዘው በጆሮው ነው። ሌላው፣ ግሪካዊው ዲያማንዲ፣ ቁጥሩ ተጽፎ በሐሳቡ ይታየው ነበር። ቢኔ ስለነዚህ ሰዎች በ1894 መጽሐፍ አወጣ። እንግዲህ በሰው መካከል ልዩነት የለም የሚል ካለ ቢኔን አላወቀውም ማለት ነው።

ታዲያ ልጆችን የዓይንና የጆሮ ብሎ ክፍል ለያየ? ኧረ የለም! በ1904 የፈረንሳይ መንግሥት ትምህርት ለሚከብዳቸው ልጆች መላ የሚፈልግ ኮሚሽን ሲያቋቁም አባል ሆነ። በ1905 ከሐኪሙ ከሲሞን ጋር 30 ጥያቄዎች ያሉት መለኪያ አወጣ። ዓላማው ርዳታ የሚያሻውን ልጅ ለማወቅ እንጂ ደደብ ብሎ ለመፈረጅ አልነበረም። ለነዚህ ልጆች ያሰበላቸውም የደከመውን የሚያጠነክር ልምምድ ነው። ለምሳሌ እንደ ሐውልት ደርቀው እንዲቆሙ ይደረግ ነበር፤ ነገሩ ጨዋታ ይመስላል፣ ግን ትኩረትን ማሠልጠኛ ነው። ባንድ አፍታ ያዩትን ዕቃ በቃላቸው እንዲያስታውሱም ይደረጋል። በ1909 ባወጣው መጽሐፍ የአእምሮ ችሎታ አያድግም የሚሉትን አጥብቆ ተቃወመ።

በ1911 በ54 ዓመቱ ሞተ። ከዚያ ወዲያ፣ በተለይ አሜሪካ ውስጥ፣ መለኪያው ልጅን ለዘለቄታው መፈረጃ ሆነ። የዓይንና የጆሮ ክፍፍልም ውሎ አድሮ በየትምህርት ቤቱ ተሰራጨ። በ2008 በአሜሪካ የሚሠሩ አራት የሥነ ልቡና ምሁራን ጥናቶቹን ሰብስበው መረመሩ። የዓይን የተባለው ልጅ በሥዕል፣ የጆሮ የተባለው በንግግር ሲማር በርግጥ ይበልጥ ያውቃል ወይ? በቂ ማስረጃ አላገኙም። ልጅ አንዱን መንገድ ሊወድ ይችላል፤ መውደድና ማወቅ ግን ለየቅል ናቸው። እኛ እንደሚመስለን መንገዱን የሚወስነው ትምህርቱ ነው፦ የወንዝ አካሄድ ሲሆን ካርታው ለሁሉም ይሰቀላል፣ የፊደል ድምፅ ሲሆን ሁሉም ጮክ ብሎ ያነባል።