አቡነ ማስያስ በሸዋ ምድር

በደብረ ሲናና በአካባቢዋ የምንኖር ምእመናን ልናስታውሳቸው ከሚገቡን አባቶች አንዱ አቡነ ጉልየልሞ ማሳያ ናቸው። በ1809 እ.ኤ.አ. በኢጣሊያ ፒየሞንቴ ተወልደው በካፑቺን ማኅበር መነኰሱ፤ በ1846 ጵጵስና ተሹመው ወደ ኦሮሞ ሕዝብ ተላኩ። በየሄዱበትም ወንጌልን ከመስበካቸው ጋር ሕዝቡን የፈንጣጣ ክትባት ይከትቡ ነበር። በ1868 ሸዋ ሲደርሱ ንጉሥ ምኒልክ በደብረ ብርሃን አጠገብ በምትገኘው በልቼ በክብር ተቀበሏቸው። ዳሩ ግን ምኒልክ በ1878 ለዐፄ ዮሐንስ ከገበሩ በኋላ ወዳጃቸውን ሊያስጥሉ አልቻሉም፤ አቡኑም በ1879 አገር ለቀው እንዲወጡ ተገደዱ። በ1884 ካርዲናል ሆነው በ1889 ዐረፉ። ቅድስት መንበርም በ2016 የክቡርነትን ማዕረግ ሰጠቻቸው። ዘርተው መከሩን ሳያዩ ተሰደዱ፤ እኛም የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን ፍሬው ቢዘገይብን ከመዝራት አንቦዝን።