ሱብራታ ሚትራ፦ ከካሜራው ጀርባ የነበረው ሰው

ባለፈው ሴሚስተር ለልምምድ በቀረጽነው አጭር ፊልም ላይ የአንዷ ተዋናይ ጥላ ግድግዳው ላይ ሦስት ሆኖ ወጣ። የነበሩን መብራቶች ሦስት ናቸው፤ ሦስቱንም ፊቷ ላይ ደቅነንባት ነበር። ስለ ሱብራታ ሚትራ እንድጽፍ ያነሳሳኝ ይኸው ነው።

ሚትራ በ1930 (ዓመታቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ተወለደ። ገና ተማሪ ሳለ ፈረንሳዊው ዣን ሬኗር «ወንዙ» የተሰኘውን ፊልም ሊሠራ ወደ ቤንጋል መጣ። ልጁ ሥራ ቢጠይቅም አልተሳካለትም፤ ቆሞ ማየት ግን ተፈቀደለት። ዝም ብሎ አላየም ታዲያ። የመብራቱን አቀማመጥ፣ የካሜራውን ቦታ፣ የተዋንያኑን እንቅስቃሴ በደብተር እየሳለ ያዘ። እንዲያውም የፊልሙ ካሜራማን ክሎድ ሬኗር አንዱን ትዕይንት እንደገና ከማንሳቱ በፊት የልጁን ደብተር ጠይቆ አይቷል።

በዚያው ሰሞን ማስታወቂያ ድርጅት ውስጥ ይሠራ ከነበረው ሳትያጂት ራይ ጋር ተዋወቀ። በ1952 ራይ «ፓተር ፓንቻሊ»ን ሲጀምር ካሜራውን የሰጠው ለዚህ የፊልም ካሜራ ነክቶ ለማያውቅ የ21 ዓመት ወጣት ነው። መጀመሪያ የቀረጹት አበባ የሞላበት ሜዳ ላይ ነበር። በሳምንቱ ሲመለሱ ግን ከብቶች አበባውን ግጠው ጨርሰውታል! ቀሪውን ለመቅረጽ አበባው እስኪመለስ መጠበቅ ግድ ሆነ። ገንዘብም በየጊዜው እያለቀ ፊልሙ በ1955 ወጣ። ሚትራ ሲታር ይጫወት ስለነበር በሙዚቃው ውስጥም እጁ አለበት።

ለኔ ትልቁ ሥራው ግን «አፓራጂቶ» (1956) ነው። የቤናሬሱን ቤት ጣሪያ የሌለው ግቢ ዝናብ ስለተፈራ ስቱዲዮ ውስጥ ሊሠሩት ወሰኑ። ሚትራ ተከራከረ፤ ከሰማይ የሚወርደውን ጥላ አልባ ብርሃን በስቱዲዮ መብራት ማምጣት አይቻልም ባይ ነበር። ክርክሩን ተረታ። ያኔ ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጠረና መብራቶቹን ከታች ወደ ጨርቁ አዞራቸው። ብርሃኑ ነጥሮ ሲመለስ ልክ እንደ ሰማይ ብርሃን ሆነ። ዘዴው ዛሬ በየስቱዲዮው ስለሚሠራበት ቀላል ይመስላል። እኛ ግን ሦስት መብራት ይዘን አላሰብነውም።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ያሳዝናል። ከ«ቻሩላታ» (1964) ወዲህ ራይ ካሜራውን ራሱ ያንቀሳቅስ ጀመር። መብራቱን የሚያሰናዳው ሚትራ፣ በሌንሱ የሚያየው ራይ ማለት ነው። በ«ናያክ» (1966) ተለያዩ፤ ቦታውንም የሚትራ ረዳት የነበረው ሶውሜንዱ ሮይ ያዘው። ዳይሬክተሩ መብት አለው የሚሉ አሉ፣ አውቃለሁ። እኔ ግን ዓይንህን አውሰኝ፣ ማየቱን ለኔ ተወው እንደማለት ይሰማኛል።

ሚትራ ከጄምስ አይቮሪ ጋርም ሠርቷል፤ «ኒው ዴልሂ ታይምስ» (1986) ደግሞ ብሔራዊ ሽልማት አስገኝቶለታል። በመጨረሻዎቹ ዓመታት ካልካታ በሚገኝ የፊልም ተቋም ሲያስተምር ቆይቶ በ2001 አረፈ። ተቋሙ የሚጠራው በሳትያጂት ራይ ስም ነው።