ቁርኣንን ያነበበው ባለቅኔና ደጋግሞ የወደመው ቤቱ

ፑሽኪን ሲባል ብዙዎቻችን ቶሎ ትዝ የሚለን አዲስ አበባ ውስጥ በስሙ የሚጠራው አደባባይ ነው። የሐበሻ ደም እንዳለበትም ከልጅነታችን ጀምሮ ስንሰማ አድገናል። ብዙም ያልተነገረን ይህ ሩሲያዊ ባለቅኔ በግዞት ሳለ ከቅዱስ ቁርኣን ተነስቶ ግጥም መጻፉና የጻፈበት የገጠር ቤት ያየው መከራ ነው።

አሌክሳንደር ፑሽኪን በ1799 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ሞስኮ ውስጥ ተወለደ። በእናቱ በኩል ቅድመ አያቱ አብርሃም ሃኒባል በልጅነቱ ከአፍሪካ ወደ ኢስታንቡል፣ ከዚያም ወደ ሩሲያ ተወስዶ በታላቁ ጴጥሮስ እጅ ያደገ፣ ኋላም እስከ ጄኔራልነት የደረሰ መሐንዲስ ነበር። ቤተሰቡ ሐበሻ ነው ይላል፤ ከተመራማሪዎች መካከል ደግሞ ትውልዱን ወደ ቻድ ሐይቅ አካባቢ የሚወስዱት አሉ። ክርክሩ ዛሬም አላለቀም። ንግሥት ኤልሳቤጥ በ1742 በፕስኮቭ ምድር ሰፊ ርስት እንደሰጠችው ግን የታወቀ ነው። ሚካይሎቭስኮዬ የዚያ ርስት አካል ናት።

ፑሽኪን በነሐሴ 1824 ወደዚህች መንደር የመጣው ወዶ አልነበረም። መንግሥት ደብዳቤውን ጠልፎ በማንበብ ወደ ክህደት አዘንብሏል ብሎ ከሥራው አባረረው፤ በእናቱ ርስት ተወስኖ እንዲቀመጥም አዘዘ። አባቱ ልጁን ለመጠበቅ መስማማቱ ቤቱን በጠብ ሞላው። ወላጆቹ ጥለውት ሲሄዱ ከሞግዚቱ ከአሪና ሮዲዮኖቭና ጋር ቀረ።

በክህደት የተከሰሰው ይህ ወጣት በዚያው ዓመት ከቁርኣን መነሻ ያደረጉ ዘጠኝ ግጥሞች ጻፈ። ዐረብኛ አያውቅም፤ ያነበበው ከፈረንሳይኛ ወደ ሩሲያኛ የተመለሰ ትርጉም ነው። የሱረቱ ዱሓና የሱረቱ ዐበሰ መልእክት በግጥሞቹ ውስጥ ይታያል። የመጨረሻው ግጥም መነሻ ደግሞ ሱረቱል በቀራህ ውስጥ ያለው፣ በፈራረሰች ከተማ ሲያልፍ አላህ መቶ ዓመት አሙቶ ያስነሳው ሰው ታሪክ ነው። እርግጥ ግጥሞቹ ተፍሲር አይደሉም። ፑሽኪን ሰልሟል የሚል ካለም መሠረት የለውም። ያም ሆኖ በተርጓሚ ተርጓሚ በኩል የደረሰው ቃል ይህን ያህል ከነካው፣ ዐረብኛውን ቢያውቅ ኖሮ ምን ይሆን ነበር ማለታችን አልቀረም።

በ1826 ከግዞት ተፈታ፤ በ1837 በሽጉጥ ፍልሚያ ቆስሎ ሞተና በመንደሯ አቅራቢያ በሚገኝ ገዳም ተቀበረ።

ግጥሞቹን የጻፈበትን ያረጀ የእንጨት ቤት ያፈረሰው የገዛ ልጁ ግሪጎሪ ነው፤ በቦታው አዲስ ሠራ። ርስቱን በ1899 መንግሥት ገዛው። ቤቱ በ1908 ተቃጠለ፣ በ1911 ተሠራ፤ በ1918 በአብዮቱ ግርግር እንደገና ነደደ፣ በ1937 ተሠራ፤ በጦርነቱ በ1944 ወደመ። አካባቢው በፈንጂ ተሞልቶ፣ የመቃብሩ ስፍራም ሳይቀር ተጠምዶበት ተገኘ።

በ1945 ኃላፊነቱን የተረከበው ሴሚዮን ጌይቼንኮ አንድ እጁን በጦርነቱ ያጣ ሰው ነበር። በእርሱ መሪነት ቤቱ በድሮው መሠረት ላይ፣ በ1837 አንድ የመሬት ቀያሽ የሣለውን ሥዕል በማየት ተሠርቶ በ1949 ተከፈተ። ጌይቼንኮ እስከ 1989 ከዚያ አልተለየም። ስለዚህ ዛሬ ጎብኚ የሚረግጠው ወለል ፑሽኪን የረገጠው አይደለም። ከኮረብታው ሥር የሚፈስሰው የሶሮት ወንዝ ግን ያው የድሮው ነው።