አውሬዎችን ያናገሩ ሰው

እኛ እጩ መምህራን ለወላጆች በዓል ድራማ ስናዘጋጅ፣ ደሴም አሳይተን ኮምቦልቻም ስንወርድ፣ ይህን መንገድ መጀመሪያ የጠረገው ማነው ብለን አንጠይቅም። ፊታውራሪ ተክለሐዋርያት ተክለማርያም ናቸው።

በ1876 ዓ.ም. ሸዋ ውስጥ ሰያደብር ተወለዱ። ከዓድዋ ድል በኋላ ገና በልጅነታቸው ሩስያ ሄደው የመድፈኛ ትምህርት ተማሩ። አገራቸው ከተመለሱ በኋላ አዲስ አበባ ላይ ቴአትር ተብሎ ቢጋበዙ ያዩት ዘፈንና ጭፈራ ብቻ ሆነባቸው። ታዲያ ቴአትር ምን እንደሆነ ለማሳየት ራሳቸው ብዕር አነሡ። «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ» በ1913 ዓ.ም. ገደማ በመኳንንቱ ፊት ታየ። ተናጋሪዎቹ አውሬዎች ይሁኑ እንጂ ነገሩ ስለ መንግሥት ሥራ መበላሸት ነበር፤ አውሬውን ያየ ሹም ራሱን ሳያይ አልቀረም! ንግሥት ዘውዲቱ አገዱት፤ መድረኩም ለዓመታት ጭር አለ።

እሳቸው ግን አላረፉም። የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ሲያረቁ የጃፓንን የሜይጂ ሕገ መንግሥት አርአያ አደረጉ። በጣሊያን ወረራ ጊዜ ጄኔቭ ላይ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ስለ ኢትዮጵያ ተሟገቱ፤ ከዚያም ብዙ ዓመት በማዳጋስካር በስደት ኖሩ። በ1969 ዓ.ም. ዐረፉ። የጻፉት የሕይወት ታሪካቸው ግን ታትሞ የወጣው ከሞቱ ሠላሳ ዓመት ገደማ ቆይቶ ነው።