ሼህ ዓብደላ አል ሐኪሚ፥ የስደተኞች መርከበኞች መምህር

በአገራችን ከተሞች ሱቅ ከፍተው ይነግዱ የነበሩትን የየመን ዓረቦች አባቶቻችንና እናቶቻችን በሚገባ ያስታውሷቸዋል። ከእነዚሁ የመናውያን ወገን ብዙዎች እስከ እንግሊዝ አገር ድረስ ተሰደው እንደ ኖሩ ግን ከእኛ ከተማሪዎች መካከል የሚያውቅ ጥቂት ይመስለኛል። ዛሬ ታሪካቸውን በአጭሩ የምጽፍላቸው ሼህ ዓብደላ ዓሊ አል ሐኪሚ የእነዚህ ስደተኞች መምህር ነበሩ። (ዘመኑ ሁሉ የተጻፈው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።)

የስዊዝ ቦይ በ1869 ከተከፈተ በኋላ ኤደን መርከቦች ከሰል የሚጭኑባት ታላቅ ወደብ ሆነች። የየመን ደጋ ገበሬዎችም ወደ ኤደን እየወረዱ በእንግሊዝ መርከቦች ላይ እሳት አንዳጅ ሆነው ተቀጠሩ። ሥራቸው በመርከቡ ሆድ ውስጥ፥ በነበልባል ፊት ቆሞ ከሰል በአካፋ እየዛቁ ወደ ምድጃው መጨመር ነበር። ከእነርሱም ብዙዎች በካርዲፍና በሳውዝ ሺልድስ ወደቦች ተቀመጡ፤ የአገሩንም ሴቶች አገቡ። ኑሯቸው ግን የተረጋጋ አልነበረም። በ1930 በሳውዝ ሺልድስ በሥራ ቅጥር ምክንያት ብጥብጥ ተነሥቶ፥ አንዳንዶቹ ታስረው ወደ አገራቸው ተባረዋል።

ሼህ ዓብደላ የመጡት ወደዚህ ሕዝብ ነው። እርሳቸው የየመን ተወላጅ ሲሆኑ፥ በአልጄሪያ በሞስታጋነም ከተማ ይኖሩ የነበሩት የታላቁ ሱፊ የሼህ አሕመድ አል ዓለዊ ደቀ መዝሙር ነበሩ። በሐረርና በወሎ ቃዲሪያ የሚባለው መንፈሳዊ መንገድ እንደሚታወቅ ሁሉ፥ የእርሳቸውም መንገድ ዓለዊያ ይባላል። አሳባቸውም ሰው የፈጣሪን ስም ዘወትር በማሰብና ነፍሱን በመግራት ወደ አምላኩ እንዲቀርብ ነው።

በ1936 ሳውዝ ሺልድስ ደረሱ። በዚያም ቀድሞ መጠጥ ቤት የነበረውን ቤት የጸሎትና የትምህርት ቦታ አደረጉት። ከዚያ ወደ ካርዲፍ አልፈው በፒል ጎዳና ኑር አል ኢስላም የተባለውን መስጊድ አቋቋሙ። ሥራቸው ወንዶቹን ለጸሎት በመሰብሰብ ብቻ አልቀረም። እስልምናን ለተቀበሉት የአገሩ ተወላጅ ሚስቶችና ለልጆቻቸው የትምህርት ጊዜ መደቡ። በበዓል ቀን አዋቂውና ሕፃኑ የአገሩን ልብስ ለብሶ፥ ሰንደቅ ይዞ በከተማው መንገድ በሰልፍ ይሄድ ጀመር። በየመርከቡ ተበትኖ የኖረው ሕዝብ በዚህ ማኅበር ሆነ።

በጥር 1941 የጀርመን አውሮፕላኖች ካርዲፍን ሲደበድቡ መስጊዱ ፈረሰ። ማኅበሩ ግን አልተበተነም፤ በእንግሊዝ መንግሥት ርዳታ ጭምር በ1943 ሌላ የጸሎት ቤት ተከፈተ።

ቦምብ ያልበተነውን ማኅበር የከፈለው የአገር ጉዳይ ነው። በዚያ ዘመን የመንን የሚገዙት ኢማም ያሕያ ነበሩ። ሼህ ዓብደላ አገዛዙ ሕዝቡን በድህነትና በድንቁርና አስሮታል ብለው ስላመኑ ከነጻ የመናውያን ጋር ወገኑ። በየካቲት 1948 ኢማሙ ተገደሉ፤ ዓመፁ ግን ወር ሳይሞላው ከሸፈና ልጃቸው ኢማም አሕመድ ሥልጣኑን ያዙ። ሼህ ዓብደላም በዚያው ዓመት በታኅሣሥ ወር አል ሰላም የተባለ የዓረብኛ ጋዜጣ በካርዲፍ ማሳተም ጀመሩ። የስሙ ትርጓሜ ሰላም ነው፤ ነገር ግን ጠብን አመጣ። ከመርከበኞቹ ብዙዎች ለኢማሙ ታማኞች ነበሩ፤ ዘመዶቻቸውም በኢማሙ ግዛት ይኖሩ ነበር። የሃይማኖት አባት በፖለቲካ መግባት የለበትም የሚሉም ነበሩ። የእርሳቸው ምክትል የነበሩት ሼህ ሐሰን ኢስማዒል የተቃዋሚዎቹ መሪ ሆኑ። አንድ ላይ ይሰግድ የነበረው ሕዝብ በሁለት ተከፈለ።

ጋዜጣው በ1952 ቆመ። ሼህ ዓብደላም ወደ ኤደን ተመለሱ። በዚያ የነጻነት ወዳጆች በክብር ቢቀበሏቸውም፥ የእንግሊዝ ባለሥልጣኖች በጦር መሣሪያ ክስ አሰሯቸው። በ1954 በኤደን ዐረፉ። የኢማሞቹ አገዛዝ የወደቀው ከስምንት ዓመት በኋላ፥ በ1962 ነው፤ እርሳቸው ግን ያን ቀን አላዩም።

መምህሩ በመንፈሳዊ ሥራቸው ብቻ ቢወሰኑ ኖሮ ማኅበራቸው ባልተከፈለ ነበር የሚል ይኖራል። ደግሞም የወገኑን መከራ እያየ ዝም የሚል መምህር ምን ያስተምራል የሚል አይጠፋም። ፍርዱን ለአንባቢ እተወዋለሁ። እኔ ግን ትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓሉን በሚያከብርበት በዚህ ዓመት የማስበው ያን የመጠጥ ቤት ነው። መርከበኛው ደመወዙን የሚያጠፋበት ቤት፥ ፈጣሪውን የሚያስብበትና የሚማርበት ቤት ሆነ። ቤቱን እንዲህ የለወጠው ገንዘብ ብቻ አይደለም፤ ወገኖቹን ፈልጎ ባሕር ተሻግሮ የመጣ አንድ መምህር ነው።